ጀርባዋ ላይ የራስ ቅል ያለባት የእሳት እራት፦ መርዝ የላትም፣ ምንም አትርጪ

ጥያቄሽን ደጋግሜ አነበብኩት እህቴ፣ ሌላም ሰው እንዲገባው መጀመሪያ ባጭሩ ልድገመው። ከቡራዩ ወደ ሆለታ በሚወስደው መንገድ ገባ ብሎ ያለው ጓሯችሁ ውስጥ ድንች ተክላችኋል፣ ከድንቹ ወዲያ ቀፎዎች አሉ፣ አንዱ ዘመናዊ ሌሎቹ ባህላዊ። ነሐሴ መጨረሻ ላይ ድንቹ ላይ ከጣት የሚወፍር ቢጫ ትል አየሽ፣ ከኋላው ቀንድ ነገር ያለው። ጥቅምት ላይ ዘመናዊውን ቀፎ ስትከፍቺ አንዲት ትልቅ የእሳት እራት ሞታ ግማሽ አካሏ በንብ ሙጫ ተለስኖ አገኘሽ፣ ጀርባዋ ላይ የሰው ራስ ቅል የመሰለ ነገር አለ። በሳምንቱ ሌላዋ በህይወቷ በረንዳው መብራት ስር መጥታ ልጅሽ ሲይዛት ጮኸች፣ አሁን በፕላስቲክ ዕቃ ውስጥ ናት። አማትሽ "ሟርት ነው፣ ሰው አንድ ነገር አድርጎብን ነው" ብለው ተጨንቀዋል፣ ጎረቤት ደግሞ ካራቴ የሚባለውን የተባይ መርዝ ይዞ መጥቶ "ድንቹንም የቀፎውንም ዙሪያ እንርጨው" ይላል። አንቺ የጠየቅሽው መርዝ አላት ወይ፣ ንቦቼን ትጨርስብኛለች ወይ፣ ምን ልርጭ ነው።

መልሱን አስቀድሜ ልስጥሽ። መርዝ የላትም። ንቦችሽን አትጨርስም፣ ማር ግን ትሰርቃለች። ምንም አትርጪ፣ ካራቴውን ለጎረቤትሽ አመስግነሽ መልሺለት፣ ምክንያቱም ከነገርሽኝ ሁሉ ውስጥ ንብ የሚጨርሰው እሱ ብቻ ነው። መደረግ ያለበት የዘመናዊው ቀፎ መግቢያ ላይ አንድ ቀጭን ጣውላ መምታት ነው፣ እንዴት እንደሆነ ወረድ ብዬ እነግርሻለሁ።

ሌላው ያልጠየቅሽው ግን ዋናው ነገር፣ ትሉና የእሳት እራቷ ሁለት የተለያየ ችግር አይደሉም፣ አንድ ፍጥረት ናቸው። ነሐሴ ላይ ድንች ቅጠል ሲበላ ያየሽው ትል ነው አድጎ ክንፍ አውጥቶ ጥቅምት ላይ ቀፎ የገባው፣ ማለቴ ያው ራሱ ትል ባይሆን እንኳ የሱ ወንድም ወይ እህት። ሳይንሱ አኬሮንቲያ አትሮፖስ ይላታል፣ ሊኒየስ የተባለው የስዊድን ሳይንቲስት እ.ኤ.አ በ1758 ስም ካወጣላቸው ፍጥረታት አንዷ ነች። ስፊንክስ ከሚባለው የእሳት እራት ቤተሰብ ነች፣ እነዚህ ሰውነታቸው ወፍራም፣ ክንፋቸው ጠባብና ሹል፣ በጣም ፈጣን በራሪ የሆኑት ናቸው። የራስ ቅል ምልክት ያላቸው በዓለም ላይ ሶስት ዝርያዎች ብቻ ሲሆኑ ሁለቱ የእስያ ናቸው፣ የአፍሪካዋ የኛዋ ነች። አውሮፓም ትሄዳለች ግን እሱ ጉዞ ነው፣ እመለስበታለሁ።

ከትሉ ልጀምር። ሴቷ እንቁላሏን እንደ ሌሎች ብዙ የእሳት እራቶች ክምር አድርጋ አይደለም የምትጥለው፣ አንድ አንድ እያደረገች ጠና ካለ ቅጠል ስር ትለጥፍና ወደ ሌላ ተክል ትሄዳለች። እንቁላሉ አንድ ሚሊ ሜትር ተኩል ቢሆን ነው፣ አረንጓዴ ወይ ወደ ግራጫ ሰማያዊ የሚወስደው። ለዚህ ነው ማሳ ሙሉ ድንች ውስጥ አንድ እዚህ ሁለት እዚያ የምታገኚው እንጂ መንጋ ሆኖ የማይመጣው፣ ይሄን ያዢልኝ ስለ ርጭቱ ሳወራ ያስፈልገናል። የተፈለፈለው ትል መጀመሪያ ትንሽና ፈዛዛ ነው፣ ከዛ ቅጠሉን እየበላ ቆዳውን አራት ጊዜ ይቀይራል፣ አምስተኛው ዕድሜ ላይ ሲደርስ ነው እናንተ ያያችሁትን የሚያክለው፣ እስከ 12 ሴንቲ ሜትር ድረስ ይሄዳል። በህይወቱ ከሚበላው ውስጥ አብዛኛውን የሚበላው በዚህ በመጨረሻው ዕድሜ ነው፣ ስለዚህ ሰው "ትናንት አልነበረም ዛሬ አንድ እግር ድንች ራቁቱን አስቀረው" የሚለው እውነቱን ነው፣ ትሉ ግን ትናንትም ነበር፣ ትንሽ ስለነበር ነው ያልታየው።

ቀለሙ ያንቺው ቢጫ ነው፣ ጎኑ ላይ ሰባት ሰያፍ መስመር አለው፣ መስመሮቹ ወደ ወይን ጠጅና ሰማያዊ የሚሄዱ፣ ጀርባው ላይ ደግሞ ጥቃቅን ጥቁር ነጠብጣብ። አረንጓዴ የሆነም አለ፣ ቡናማ ሆኖ አንገቱ አካባቢ ነጭ ያለበትም አለ፣ ሶስቱም አንድ ዝርያ ናቸው። ይሄን የምልሽ ነገ አረንጓዴውን አይተሽ ሌላ አዲስ ተባይ መጣ ብለሽ እንዳትደነግጪ ነው። ይሄን ሁሉ ቀለም ይዞ ግን ቅጠል ስር አፍንጫሽ ላይ ሆኖ ላታዪው ትችያለሽ፣ እነዛ ሰያፍ መስመሮች የቅጠሉን ጥላና ስር መስለው ያጠፉታል። እኔ ስፈልገው ወደ ላይ አላይም፣ መሬት ነው የማየው። የሽምብራ ፍሬ የሚያክል፣ ዙሪያውን በቁመቱ የተቦረቦረ መስመር ያለው ጥቁር ኩስ ከተክሉ ስር ተበትኖ ካየሁ ከሱ በላይ ያሉትን ግንዶች አንድ በአንድ አገላብጣለሁ፣ እዛው ተጣብቆ ይገኛል። ኩሱ እርጥብና አረንጓዴ ነገር ከሆነ አሁን የወረደ ነው።

ቀንዱን ብዙ ሰው ይፈራዋል፣ ይናደፋል ብሎ። አይናደፍም። ቀንዱ ለስላሳ ነው፣ ጥቃቅን ጉብታ ያለው፣ ጫፉ ወደ ላይ የታጠፈ፣ በጣትሽ ብትጫኚው ይተኛል። መርዝ ያለው ጸጉር እንደ አንዳንድ አባጨጓሬ የለውም፣ ጭራሽ ጸጉርም የለውም፣ ቆዳው ልሙጥ ነው። ስትነኪው ጭንቅላቱን ወደ ጎን ወርውሮ መንጋጋውን ያጋጫል፣ ቅ ቅ ቅ የሚል ድምጽ ጆሮሽን ብታስጠጊ ይሰማሻል፣ ማስፈራሪያው በቃ እሱ ነው። ጣት ካስገባሽበት ሊነክስ ይሞክር ይሆናል፣ ከመቆንጠጥ አያልፍም።

ድንች ብቻ አይደለም የሚበላው። ቲማቲም፣ ደበርጃን፣ ትምባሆ፣ ያ በየመንገዱ ዳር የሚበቅለው አስተናግር፣ እነዚህ ሁሉ የድንች ዘመዶች ናቸው። ከነሱ ውጪ ደግሞ ለአጥር የምንተክለውን የወፍ ቆሎ ይወዳል፣ ወይራም ላይ ጃስሚንም ላይ ይገኛል። አዲስ አበባ ዙሪያ ከሱሉልታ ጀምሮ ሆለታ ሰበታ ድረስ አስቢው፣ ድንቹ አለ፣ አጥሩ የወፍ ቆሎ ነው፣ ቤት ሁሉ ቀፎ ሰቅሏል፣ ለዚህች ፍጥረት ከዚህ የተሻለ ቦታ አይገኝም፣ ከናንተ ግቢ ማየትሽ ምንም አይገርምም።

በልቶ ሲጨርስ ነው ደስ የሚለው ነገር የሚመጣው። ያ ደማቅ ቢጫ በአንድ ቀን ውስጥ ይደበዝዝና ይጠቁራል፣ መብላት ያቆማል፣ ከዛ አንገቱን ወደ ኋላ ጠምዝዞ ከአፉ በሚወጣ ፈሳሽ ሰውነቱን ሁሉ ይቀባል፣ ቁጭ ብለሽ ብታዪው ከራስ እስከ ኋላ አንድም ቦታ ሳይተው ነው። ከዛ ከተክሉ ወርዶ መሬት ላይ በፍጥነት መሄድ ይጀምራል፣ ሰው በዚህ ሰዓት ሲያየው "በሽታ ይዞት ነው" ይላል፣ አይደለም፣ ለስላሳ አፈር እየፈለገ ነው። ካገኘ ከ15 እስከ 40 ሴንቲ ሜትር ድረስ ቆፍሮ ይወርዳል፣ ውስጥ ላይ አፈሩን በሰውነቱ እየገፋ ግድግዳው ልስልስ ያለ ክፍል ይሰራል፣ እዛ ውስጥ የመጨረሻ ቆዳውን ጥሎ ፑፓ ይሆናል፣ ማለት ትል መሆኑ ቀርቶ ክንፍ እስኪያወጣ ዝም ብሎ የሚቆይበት ዕድሜ። ድንች ስታወጡ በዶማ ጫፍ ብቅ የሚል፣ ጥቁር ቡናማ፣ የሚያብረቀርቅ፣ ሲነኩት ጫፉን ግራ ቀኝ የሚያወዛውዝ ነገር አይተሽ ታውቂያለሽ አይደል? እሱ ነው። ከሰባት ሴንቲ ሜትር ሊያልፍ ይችላል። ዶማው ካልቆረጠው መልሰሽ ቅበሪው።

ጊዜውም ይገጥማል። በሞቃት አገር ሁሉም ነገር ፈጠን ይላል፣ ከ2,300 ሜትር በላይ በሆነው በኛ ደጋ ላይ ግን አፈሩ ቀዝቃዛ ስለሆነ ፑፓው ይቆያል፣ ወር ከዛም በላይ ሊወስድ ይችላል። ነሐሴ መጨረሻ የጠገበ ትል መሬት ገብቶ ጥቅምት ላይ ክንፍ አውጥቶ ሲወጣ ልክ አደይ አበባው ያለቀበት፣ ንቦቹ ማሩን ዘግተው የጨረሱበት፣ አንቺም ማር ለመቁረጥ ቀፎ የከፈትሽበት ሰዓት ነው። ስለዚህ ማንም የላከብሽ የለም፣ ከራስሽ ማሳ ነው የወጣችው ወይም ከጎረቤትሽ። ለአማትሽ ይሄን ንገሪያቸው፣ ፀበል ይረጭ ካሉ እኔ ምንም አልልም፣ ለቤት በረከት ነው፣ ግን ሟርት አይደለም በዪልኝ። አውሮፓውያንም ለብዙ ዘመን ቤት ከገባች ሞት ትጠራለች እያሉ ሲፈሯት ኖረዋል፣ ማንንም ሰው አልገደለችም።

አሁን ወደ እሷ ወደ ክንፋሟ። ክንፏን ስትዘረጋ ከ9 እስከ 13 ሴንቲ ሜትር ነች፣ ሴቷ ከወንዱ ትበልጣለች። የፊት ክንፏ ጥቁር ቡናማ ሆኖ የዛፍ ቅርፊት ይመስላል፣ ስታርፍ እሱን ብቻ ነው የምታሳይሽ፣ ስትረበሽ ግን ከፍታ ያንን ብጫ የኋላ ክንፏንና ብጫና ጥቁር ቀለበት ያለበትን ሆዷን ታወጣለች። የራስ ቅሉ ምንም ተአምር የለውም፣ ጀርባዋ ላይ ያለው ጸጉር ቀለሙ የተለያየ ስለሆነ የሚፈጠር ምስል ነው፣ በጣትሽ ብታሺው ይጠፋል፣ እባክሽ ግን አታሺው። ልጅሽ እጅ ላይ የቀረው ዱቄትም የክንፏ ቅርፊት ነው፣ መርዝ አይደለም፣ እጁን ይታጠብ በቃ፣ አይኑን እንዳያሽበት ብቻ።

እዚህ ጋር አንድ ማምታቻ አለ። በረንዳ መብራት ላይ ሌላም ትልቅ ግራጫ ስፊንክስ ይመጣል፣ ሆዱ ላይ ሮዝና ጥቁር መስመር ያለው፣ ትሉ ስኳር ድንች ላይ የሚኖር፣ አግሪየስ ኮንቮልቩሊ ይሉታል። እሱ የሚጠጣው አበባ ነው፣ ምላሱ ከራሱ ቁመት ይረዝማል፣ አየር ላይ ቆሞ ረዣዥም ነጭ አበባዎች ውስጥ ይከታል፣ ከአበባ አበባም ዱቄቱን ያሻግራል። ኬንያ ውስጥ ፓፓያ ፍሬ የሚይዘው በስፊንክሶች ምክንያት እንደሆነ ተጠንቷል። ያንቺዋ ግን ምላሷ አጭር ነው፣ ወፍራምና ጫፉ ሹል ነው፣ ለረዥም አበባ አይሆንም። የተሰራው የታሸገ የማር እንጀራ ለመብሳት ነው። ሰም ክዳኑን ወጋ አድርጋ ትከትና ማሩን ትመጣለች፣ ቀፎ ውስጥ የሞቱት ሆዳቸው ሲከፈት ማር ሞልቶት ይገኛል።

ታዲያ እንዴት ገባች? ያንን ሁሉ ንብ፣ ያውም የኛን አገር ንብ፣ ሰው ሃምሳ ሜትር ድረስ የሚያባርር ንብ አልፋ? ይሄ ነው እኔን ስለዚህች ፍጥረት ሁሌ የሚደንቀኝ። ቀፎ ውስጥ ጨለማ ነው፣ ንብ የራሷን ሰውና ባዳውን የምትለየው በአይን አይደለም በጠረን ነው፣ እያንዳንዷ ንብ ቆዳዋ ላይ ያለው ቅባት መታወቂያዋ ነው። እ.ኤ.አ በ1991 የወጣ ጥናት የዚህችን የእሳት እራት ቆዳ ቅባት መርምሮ ንቦች ላይ ያሉትን አራት ፋቲ አሲዶች ነው ያገኘው፣ ያውም በተመሳሳይ መጠን። ማለት በጠረን ደረጃ እሷ የለችም፣ ንቦቹ አጠገቧ እያለፉ ባዳ መሆኗን አያውቁም፣ እንጀራው ላይ ወጥታ ማር እየመጠጠች ዙሪያዋን ስራቸውን ይሰራሉ። ችግር የሚመጣው በር ላይ ነው፣ ጠባቂዎቹ ንቁ ናቸው፣ ትልቅ ነገር ክንፉን እያራገበ ሲገባ ሊነድፏት ይችላሉ። እሱንም ቢሆን ቆዳዋ ወፍራም ነው፣ የንብ መርዝም በመጠኑ ትቋቋማለች፣ ጥቂት ንድፊያ ችላ ታልፋለች። ሽፋኗ ከተነቃ ግን ብዙ ሆነው ይወርዱባታል፣ ያንቺዋ የሞተችው እንደዛ ይመስለኛል። ሬሳዋ ደግሞ ለንቦቹ ተጎትቶ አይወጣም፣ ከበዳቸው፣ ስለዚህ እንዳይሸት በፕሮፖሊስ፣ በዛ በንብ ሙጫው ማለት ነው፣ ለስነው ያሽጉታል። አይጥም ገብታ ብትሞት እንደዛው ነው የሚያደርጉት። ያ ያየሽው ልስን ድግምት ሳይሆን የንቦችሽ ንጽህና ነው፣ እንደውም ህብረ ንቡ ጠንካራ ለመሆኑ ምልክት ነው።

ጩኸቱን ደግሞ ልጅሽ በጣም እንደደነገጠ ጽፈሻል፣ እውነቱን ነው የመጀመሪያ ቀን ማንንም ያስደነግጣል፣ የእሳት እራት ድምጽ አለው ብሎ ማን ያስባል። እጅሽ ላይ ስትሆን ሰውነቷ ሁሉ ሲንቀጠቀጥ ይሰማሻል፣ ጀርባዋን ቀስት ታደርጋለች፣ ከዛ ትንሽ አይጥ የመሰለ ጢጢጢ። በክንፏ ወይ በእግሯ አሽታ አይደለም የምትጮኸው፣ ከአፏ ነው። ጉሮሮዋ ውስጥ ያለውን ባዶ ክፍል ትከፍትና አየር ወደ ውስጥ ትስባለች፣ አየሩ ሲገባ በሩ ላይ ያለችውን ትንሽ ክዳን ያርገበግባታል፣ ከዛ ክፍሉን ጨምቃ አየሩን መልሳ ስታወጣ ቀጠን ያለ ፉጨት ይወጣል፣ ሁለቱም ተደምሮ ከሰከንድ በጣም ያነሰ ጊዜ ነው የሚወስደው፣ ደጋግማ ስለምታደርገው ነው አንድ ረዥም ጩኸት የሚመስለው። የጀርመን ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ በ2015 ይሄን ቁልጭ አድርገው አሳይተዋል። ለምን ትጮኻለች ለሚለው፣ የንብ አውራ ከምታሰማው ድምጽ ጋር ስለሚመሳሰል ንቦችን ለማረጋጋት ነው የሚሉ አሉ፣ ጥሩ ሀሳብ ነው ግን አልተረጋገጠም፣ እኔ የማየው ሲይዟት ስትጮህ ነው፣ ለወፍና ለሌሊት ወፍ ማስደንገጫ ነው ብዬ ነው የማስበው።

ወደ ርጭቱ ልምጣ፣ እዚህ ላይ በጣም ጠንከር ብዬ ነው የምናገረው። ካራቴ ውስጥ ያለው ላምዳ ሳይሃሎትሪን የሚባል መርዝ ነው፣ ለንብ በጣም አደገኛ ነው፣ ይሄ እቃው ላይ ራሱ ተጽፏል፣ አንብቢው። ድንች አበባው ለንብ ማር የለውም ትይኝ ይሆናል፣ ልክ ነሽ፣ ግን በዚህ ወቅት ድንቹ መሀል ምን በቅሏል? አደይ አለ፣ መች አለ፣ የዱር ሰናፍጭ አለ፣ ንቦችሽ እሱ ላይ ነው የሚውሉት። ጠዋት ተረጭቶ ቀን ላይ ቀፎ ደጃፍ ላይ ተንቀጥቅጠው ተከምረው የሞቱ ንቦች ያየ ሰው ሁለተኛ አይረሳውም፣ እኔ ገበሬ ቤት በር ላይ ቆሜ አይቻለሁ፣ ሰውየው ምንም ማለት አቅቶት ነበር። ቀፎ ዙሪያ ይረጭ የሚለው ደግሞ በቀጥታ ንቡን ግደሉት ማለት ነው። በአንጻሩ ትሉ ምን ያጠፋል? አንድ አንድ ሆኖ ስለሚወለድ ማሳ አያጠፋም፣ ሁለት ሶስት እግር ድንች ቅጠሉን ቢያሳሳ ነው፣ ነሐሴ መጨረሻ ላይ ደግሞ ድንቹ ከስር አፍርቶ ጨርሷል። ካስቸገረሽ በእጅሽ አንስተሽ አጥሩ ላይ ያለው የወፍ ቆሎ ላይ አድርጊው፣ አልቋል። ለድንች ገንዘብ የምታወጪ ከሆነ በክረምት ቅጠሉን አጥቁሮ በሳምንት ማሳ ለሚያወድመው ለሌት ብላይት አውጪ፣ የደጋ ድንች ጠላት እሱ ነው።

ሌላ የማያዩት ነገር፣ ትሉ የራሱ ጠላቶች አሉት። አንድ ዓይነት ዝንብ እንቁላሏን እሱ ላይ ጥላ ልጆቿ ከውስጥ ይበሉታል፣ ወፍ ያነሳዋል፣ መሬት ውስጥ ያለውን ፑፓ አይጠመጎጥ ቆፍራ ትበላዋለች። ያ መርዝ ሲረጭ መጀመሪያ የሚያልቁት እነዛ ዝንቦችና ጥቃቅን ተርቦች ናቸው።

ቀፎውን እንዲህ አድርጊ። ከላክሽው ፎቶ እንደማየው ዘመናዊው ቀፎሽ መግቢያው ሙሉ ወርዱን ክፍት ነው፣ ከፍታውም ሁለት ሴንቲ ሜትር አካባቢ ይመስላል። የእሳት እራቷ ደረቷ ከአንድ ሴንቲ ሜትር ተኩል በላይ ይወፍራል፣ ሰተት ብላ ነው የምትገባው። ከመግቢያው በላይ በኩል ቀጭን ጣውላ ምቺና ከፍታውን ወደ ስምንት ሚሊ ሜትር አውርጂው። ስምንት ሚሊ ሜትር ላይ ሰራተኛዋም ድንጉላውም አውራዋም ይገባሉ፣ እሷ አትገባም፣ አይጥም አትገባም። ብዙ ሰው የሚሳሳተው ወርዱን ዘግቶ አንድ ትንሽ ቀዳዳ ሲተው ነው፣ አታድርጊው፣ ቀፎው ይታፈናል፣ ማር በሚገባበት ሰሞንም በር ላይ ወረፋ ይሆናል። ወርዱ እንዳለ ይሁን፣ ቁመቱ ነው መቀነስ ያለበት። ጣውላ ከሌለሽ ቆርቆሮ ቆርጠሽ ጠርዙን አጥፈሽ በምስማር ያዢው፣ ሹል ጠርዝ ክንፋቸውን እንዳይቆርጥ ብቻ። ቀፎው በረንዳ መብራቱ ፊት ለፊት ከሆነ ደግሞ ማታ መብራቱን አጥፊው ወይ ቀፎውን አዙሪው፣ መብራት ነው ወደ ግቢ የሚጠራት።

ባህላዊዎቹ ቀፎዎችሽ ውስጥ አንድም አላገኘሁም ብለሽ ነበር፣ ምክንያቱ ይሄው ነው። አባቶቻችን በእበትና በጭቃ ለስነው የሰሩት ቀፎ ፊቱ ላይ ያሉት ቀዳዳዎች ንብ ብቻ የምታልፍባቸው ናቸው። ዘመናዊ ቀፎ ብዙ ጥቅም አለው፣ ማሩ ንጹህ ይወጣል፣ ማየት ይቻላል፣ እኔም እሱኑ ነው የምመክረው፣ ግን የበሩን ነገር ከድሮው መማር ነበረበት። ንቦቹ ራሳቸውም ያውቁታል። የስዊዘርላንዱ ፍራንሷ ሁበር፣ አይነ ስውር ሆኖ በረዳቱ አይን ንብ ሲያጠና የኖረ ሰው፣ ከሁለት መቶ ዓመት በፊት ይህችው የእሳት እራት ቀፎዎችን ስታስቸግር ንቦቹ በራሳቸው ሰምና ፕሮፖሊስ መግቢያው ላይ ግድግዳ ሰርተው ጠባብ መተላለፊያ ብቻ ሲያስቀሩ ጽፏል። አንቺ ጣውላውን ስትመቺ ያንን ስራ ነው የምታቀልይላቸው። ሌላ ስለ ቀፎ አያያዝ የምትጠይቂው ካለ የሆለታ ንብ ምርምር ማዕከል ቅርብሽ ነው፣ ሂጂና አናግሪያቸው።

ስለ ጉዞዋ እነግርሻለሁ ያልኩትን፣ ልጅሽ ይሄን ይስማ። እነዚህ የእሳት እራቶች በየዓመቱ ከአፍሪካ ተነስተው በረሃውንና ባህሩን አቋርጠው አውሮፓ ይገባሉ፣ እዛ ይራባሉ፣ የአውሮፓው የብርድ ወቅት ግን ስለሚገድላቸው ቀጣዩ ትውልድ ወደ ደቡብ ይመለሳል። እ.ኤ.አ በ2022 ሳይንስ በተባለው መጽሔት የወጣ ጥናት አለ፣ ተመራማሪዎቹ 14 የእሳት እራቶች ላይ ከግራም በታች የሆነ ሬዲዮ አስረው ሌሊቱን በትንሽ አውሮፕላን ተከተሏቸው፣ እስከ 80 ኪሎ ሜትር ድረስ፣ ወደ አልፕስ ተራሮች። ንፋስ ወደፈለገው የሚወስዳቸው ነበር የሚመስለው፣ እነሱ ግን ንፋሱ ከፊት ሲመጣ ወደ መሬት ዝቅ ብለው አቅጣጫቸውን ቀጥ አድርገው ይዘው ነው የሄዱት፣ ከኋላ ሲገፋቸው ደግሞ ከፍ እያሉ። አንድ ነፍሳት ይሄን ያህል ርቀት ሳይቋረጥ ሲከታተሉት የመጀመሪያው ነው። ያቺ ፕላስቲክ ውስጥ ያለችው ይሄን ማድረግ የምትችል ፍጥረት ነች።

እና ልልቀቃት ወይስ ልግደላት ላልሽው፣ ልቀቂያት፣ ዛሬ ማታ መሸት ሲል፣ መብራት የሌለበት በኩል። በፕላስቲክ ውስጥ ክንፏን እያራገበች ቅርፊቱን ትጨርሰዋለች። ከመልቀቅሽ በፊት ልጅሽ ትንሽ ማር በውሃ አቅጥኖ በማንኪያ ጫፍ ምላሷ ጋ ቢያስጠጋላት ያንን አጭር ምላስ ዘርግታ ስትጠጣ ያያል። ትሉን ማሳደግ ከፈለገም ይችላል፣ ቀጣይ ክረምት ባልዲ ውስጥ ሃያ ሴንቲ ሜትር ለስላሳ እርጥብ አፈር ያድርግ፣ በየቀኑ ካገኘበት ከዛው ተክል ዓይነት ቅጠል ይስጠው፣ ድንች ላይ የነበረውን ወይራ ብትሰጪው እምቢ ሊል ይችላል፣ ከላይ በወንፊት ጨርቅ ይሸፍነው፣ መሬት ሲገባ አፈሩን አይቆፍርበት፣ አልፎ አልፎ ውሃ ረጨት ያድርግበት።

የመጨረሻው፣ ያቺ የተለሰነችው ሬሳ እስካሁን ቀፎው ውስጥ ነች ብለሻል። አትቸኩይ፣ በፕሮፖሊስ ከታሸገች አትሸትም፣ በሽታም አታመጣም። አመሻሽ ላይ ልብስሽን ለብሰሽ፣ ደህና አድርገሽ አጭሰሽ፣ ስትከፍቺ በቢላ ጠርዝ ከታች በኩል ፈልቅቀሽ አውጫት፣ ፕሮፖሊሱ ሲቀዘቅዝ ይሰባበራል ስለዚህ ጠዋት በብርዱ ይቀላል ትይ ይሆናል፣ ግን የኛ ንብ ጠዋት ላይ ከተነካ ቀኑን ሙሉ ነው ግቢውን የሚያስጨንቀው። ለስላሳው ክፍል ያልተለሰነ ከሆነና ትል ከጀመረው ግን ዛሬውኑ አውጫት፣ ጣውላውንም በዛው ምቺ።